ነፍስ ያላቸው መርከቦችና የአባቴ ዳለቻ በሬ

እኔ ፊደል የለየሁት ግድግዳ ላይ ከተለጠፈ ጋዜጣ ነው። አንዳንዱ ተዘቅዝቆ የተለጠፈ ስለነበር እስከ ዛሬ ተዘቅዝቆም ቢሰጡኝ አነባለሁ። ትምህርት ቤት ያልገባች ሴት ስለ ሰማይ መርከብ ምን አግብቷት ታወራለች የሚል ካለ፣ ነገሩን ያመጣችው ተከራያችን ናት። እዚሁ ደብረ ታቦር ዩኒቨርሲቲ የምትማር ልጅ ናት፤ አንድ ቀን በስልኳ ከዋክብት መካከል የሚዋጉ የብረት መርከቦች አሳየችኝ። አየሁና "ብረት ከሆኑ ምናቸው ያሳዝናል?" አልኋት። ሳልውል ሳላድር የራሴን ፈጠርሁ።

የኔዎቹ ነፍስ አላቸው። የከዋክብት ንጉሠ ነገሥት የጦር መርከቦች ናቸው፤ እያንዳንዳቸው ጉና ተራራን ያህላሉ። የኮከብ ትቢያ ይግጣሉ፤ ሲጠግቡ ያመነዥካሉ፤ የማይወዱት ነጂ ሲወጣባቸው ያኮርፋሉ። ቢቆስሉ ቆዳቸው ላይ ጠባሳ ይቀራል። ሁልጊዜም ጥንድ ጥንድ ሆነው ነው የሚሄዱ። ተከራያችን "ለምን ጥንድ ሆኑ?" ብትለኝ "ታዲያ ምን ሊሆኑ ኖሯል?" አልኋት። ብቻቸውን ይሄዳሉ ብዬ አስቤውም አላውቅ።

ወሬውን የማወራው በርበሬ ስንቀነጥስ ነው። የምተዳደረው በርበሬና ሽሮ አዘጋጅቼ በመሸጥ ነው። ፀሐይ ሞቅ ሲል ጎረቤቴ በርጩማዋን ይዛ ትመጣለች። እጃችን ይቀነጥሳል፣ አፌ ያወራል፣ ሁለታችንም እናስነጥሳለን።

"እባክሽ ጦርነቱን ተይው፤" ትለኛለች። "የምድሩ አንሶ ሰማይ ወጣሽ?"

"መርከቦቹ ናቸው የጦር እንጂ እኔ መች አዋግቻቸው አውቃለሁ?"

እውነቴን ነው። ከጀመርሁ ወዲህ አንድም ቀን ጦር ሜዳ አልደረሱልኝም። አንዷን ይርባታል፣ አንዷ ታኮርፋለች፣ መንገድ ላይ ይመሽባቸዋል።

አባቴን ከተማ ያመጣኋቸው ያን ሰሞን ነው። አንበሳሜ አካባቢ የሚኖሩ ገበሬ ናቸው። እናቴ ካረፈች ወዲህ ብቻቸውን ነበሩ፤ በክረምቱ ደግሞ ከጥማድ በሬያቸው አንዱ፣ ቦቃው፣ ሞተባቸው። ዳለቻው ብቻ ቀረ፤ እሱም አርጅቷል። በአንድ በሬ አይታረስም። "ዳለቻውን ይሽጡ፣ መሬቱን ለእኩል አራሽ ይስጡና እኔ ዘንድ ይኑሩ" ብዬ ለመንኋቸው። በሬውን ለጎረቤታቸው አደራ ሰጥተው "እስኪ ልየው" እያሉ መጡ።

እንዲቀሩልኝ ነበር ምኞቴ። እሳቸው ግን ግቢው ጥግ ግንቡን ተደግፈው፣ ጋቢያቸውን እስከ አፍንጫቸው ተከናንበው ይውላሉ። ባጃጅ ሲያልፍ ቀና ይላሉ፣ መልሰው ያቀረቅራሉ። ምግብ ሲቀርብ "ይበቃኛል" ነው። በመጨረሻ "በይ፣ ዳለቻው በመጪው ገበያ ለሥጋ ይሸጥ" አሉ። ደስ ሊለኝ ሲገባ አላለኝም። የተስማማ ሰው ድምፅ አልነበረም፤ የደከመው ሰው ድምፅ ነበር።

በገበያው ዋዜማ እንደ ልማዳችን በርበሬ ይዘን ተቀመጥን። ወሬው ከባድ ቦታ ደርሶ ነበር። ከጥንዶቹ አንዷ ሞታ አሮጊቷ መርከብ ብቻዋን ቀርታለች። ጎረቤቴ አባቴ ወዳሉበት ጥግ እያየች ትጠቅሰኛለች፤ እኔ መች ይገባኛል! ቀጠልሁ።

"ንጉሠ ነገሥቱም፣ አሮጊቷን አርዳችሁ ሥጋዋን ለሠራዊቱ አከፋፍሉ ብሎ አዘዘ። በምትኳ ሁለት ያልተገሩ ጎረምሳ መርከቦች አጣምዶ…"

"ምን?" አለ ከጥጉ አንድ ድምፅ።

ዞርን። አባቴ ጋቢውን ከአፋቸው አውርደዋል።

"ምን አሉ፣ አባዬ?"

"ሁለት ወይፈን አንድ ላይ ይጠመዳል እንዴ? አንቺ የገበሬ ልጅ አይደለሽም?"

"መርከቦች ናቸው እኮ።"

"ይሁኑ! ይግጣሉ ብለሻል፣ ያኮርፋሉ ብለሻል። ሁለት ያልተገራ ካጣመድሽ አንዱ ወዲያ አንዱ ወዲህ ይጎትታል። ቀንበር ይሰብራሉ፣ ነጂውን ገደል ይከታሉ። ይኸ ንጉሥ አርሶ አያውቅም?"

"ንጉሥ ያርሳል እንዴ፣ አባባ?" አለች ጎረቤቴ ሳቋን አፍና።

"ካላረሰ አራሽ ይጠይቃ!"

በርበሬው ተረሳ። "እሺ፣ ምን ያድርግ?" አልሁ።

"አሮጊቷን ምን ቆርጦት ያርዳታል! ወይፈን በጅራፍ ብቻ ይገራል ያለሽ ማነው? አሮጌ በሬ አጠገብ ነው የሚጠመድ። ሲፈራ አሮጌው ይቆምለታል። ሲቸኩል በአንገቱ ይይዘዋል። ትልሙ ጫፍ ሲደርስ አሮጌው ሳይነግሩት ይዞራል፣ ወይፈኑም ሳይወድ አብሮ ይዞራል። ጉልበቱ ቢያልቅ እኮ…" ብለው አቋረጡት።

ከዚያ ለእኛ ሳይሆን ለግንቡ እንደሚነግሩ ሁሉ፣ "ያ ዳለቻውን የያዘልኝ ጎረቤቴም ያለው አንድ ወይፈን ነው" አሉ። "ብንቀናጅስ?"

እኛ አገር አንድ አንድ በሬ ያላቸው ሁለት ሰዎች በሬዎቻቸውን አጣምደው በየተራ ያርሳሉ፤ መቀናጀት ማለት እሱ ነው።

"ታዲያ የነገው ገበያስ?" አለች ጎረቤቴ።

"የምን ገበያ? የሚያርደው ያ ንጉሥ ነው እንጂ እኔ ነኝ?"

ያን ዕለት ራት ላይ "ጨምሪልኝ" አሉ።

በማግስቱ ሚኒባስ መሳፈሪያ ድረስ በርበሬና ሽሮ ቋጥሬ ሸኘኋቸው። ይቅሩልኝ ልል አፌ ድረስ መጥቶ መለስሁት። በወሬ አላምጄ አስቀራቸዋለሁ ስል በወሬ አስኮበለልኋቸው! መኪናው ሲነሣ በመስኮቱ ብቅ ብለው፣ "እስክመለስ አሮጊቷን እንዳታሳርጃት!" አሉኝ። ሰዉ ሁሉ ዞሮ አየኝ።

አሁን የገበያ ቀን ገብስ ይዘው ይመጣሉ። ጥጉን ትተውታል፤ በመካከላችን በርጩማ ስበው ይቀነጥሳሉ፣ ከሁላችንም በላይ ያስነጥሳሉ። እሳቸው ስለ መርከቢቱ ይጠይቁኛል፣ እኔ ስለ ወይፈኑ።

ባለፈው ሲመጡ "ወጋው እኮ!" አሉኝ እየሳቁ። "ወይፈኑ ዳለቻውን ወጋው።"

"ውይ! ዳለቻውስ ምን አደረገ?"

"ዞር ብሎም አላየው። ማመንዠኩን ቀጠለ።"

እኔም ወሬዬን ከዚያው ቀጠልሁ። ጎረምሳዋ መርከብ አሮጊቷን ወጋቻት፤ አሮጊቷ ዞር ብላም አላየቻት፣ የኮከብ ትቢያዋን ታመነዥካለች። ጦር ሜዳው ገና ሩቅ ነው።