ኦርቪን ስቴንሩድ ወርዋሪውን የጠበቀበት የመጨረሻ ቅዳሜ

ኦርቪን ስቴንሩድ የተወለደው በሰሜን ሚኒሶታ፣ ስኳር የሚወጣበትን ነጭ ሥር ከሚያመርት ገበሬ ቤት ነው። ገና ጎረምሳ ሳለ በር ሲገባ ትከሻውን ማጋደል ነበረበት። ኳስ በእጅ የሚወረወርበትን የአሜሪካ ፉትቦል የሚጫወተው የብራንት ክሪክ ኮሌጅ ቡድንም የወሰደው ለዚያ ትከሻው ሲል ነው። ሥራው ሲያዩት ቀላል ነው፤ ኳስ ወርዋሪው የሚያቀብለውን ሰው እስኪያገኝ ድረስ ከፊቱ ቆሞ፣ ሊሰብረው የሚመጣውን ሁሉ በደረቱ መመከት። ኳሷን ራሷን ነክቷት አያውቅም ማለት ይቻላል። ወርዋሪው ካልወደቀ በቀር ስሙን የሚያነሳ ተመልካችም አልነበረም።

የመጨረሻው ዓመቱ ልምምድ በነሐሴ ሙቀት ተጀመረ። አሰልጣኙ ዱጋን ሁለት ሁለት ሰው በጠባብ መስመር ላይ ፊት ለፊት እያቆመ፣ አንዱ እስኪወድቅ ድረስ ያላትማቸው ነበር። ያስታወከ አፉን ጠርጎ ይመለሳል። ኦርቪን በመጀመሪያው ሳምንት የአንድ አዲስ ገቢ አፍንጫ ሰበረ። ልጁ ደሙን በመዳፉ ይዞ ሲንበረከክ ሊያነሳው ጎንበስ አለ።

"ተወው" አለ ዱጋን። "አንተ በሬ፣ የጣልከውን ሁሉ ልታነሳ ነው? ቀጥል።"

ከዚያ ወዲያ ሁሉም ሰው በሬው ይለው ጀመር።

የዚያ ዓመት ወርዋሪ ብሌን ካርዌል የሚባል ቀጭን፣ ሳቂታ ልጅ ነበር። ቡድኑ በላይ በላዩ ሲያሸንፍ ከተማው በሙሉ ወደደው። የኦርቪን ታናሽ እህት ማርኒም በዚያው ዓመት ኮሌጁ ገብታ ስለነበር፣ ከአንዱ ድል በኋላ በተደረገ ግብዣ ላይ ከብሌን ጋር ያስተዋወቃት ራሱ ኦርቪን ነው። ሲቀራረቡም ደስ ብሎት ነበር።

በጥቅምት አንድ ጠዋት ማርኒን ምግብ አዳራሹ ውስጥ ብቻዋን ተቀምጣ አገኛትና የራሱን ፓንኬክ ይዞ ፊቷ ተቀመጠ። የሹራቧን አንገት እስከ አገጯ ስባዋለች። ፓንኬኳን ቆራርጣ ትታዋለች። ሽሮፑን ልታቀብለው ስትንጠራራ ሹራቡ ወረድ አለና ከጆሮዋ ሥር የተሰደሩ አራት ሰማያዊ ምልክቶች ታዩ። ኦርቪን የሰው ጣት በሥጋ ላይ ምን ትቶ እንደሚሄድ ያውቃል። ተጫዋች በተጫዋች ላይ ሲከመር፣ ዳኛ በማያየው ጨለማ ውስጥ ጉሮሮ የሚፈልግ እጅ አይጠፋም፤ እሱም ስንት ጊዜ በአንገቱ ላይ ይዞት ወጥቷል።

"ይሄ ምንድን ነው?" አላት።

"ምኑ?"

"ማርኒ።"

"በር ነው። በር መታኝ።"

"በር ጣት የለውም።"

ማርኒ ሹራቧን ወደ ላይ ሳበች። "ተወኝ እባክህ ኦርቪን። ቅዳሜ ከባድ ጨዋታ ነው ያለው፣ ብሌን ተጨንቆ ነው። ጨዋታ ሲቃረብ እንዲህ ነው የሚሆነው።"

አንድ ጊዜ ብቻ እንዳልሆነ ያን ጊዜ ገባው። ፓንኬኩን ሳይነካ ተነስቶ ወደ ዱጋን ቢሮ ሄደ። አሰልጣኙ የተጋጣሚውን ቡድን ፊልም እያየ ነበር፤ ኦርቪን ሲገባም አላጠፋውም።

"ኮች፣ ብሌን እህቴን ይመታታል።"

ዱጋን ፊልሙን ወደ ኋላ መለሰ። "ፖሊስ ጋ ሄዳለች?"

"አልሄደችም።"

"ታዲያ እሷ ዝም ያለችውን አንተ ምን አስጮኸህ? ስማኝ ልጄ፣ ቅዳሜ ፊትህ የሚቆመው ራንስ ገትሪ ነው። ስለሱ አስብ። ሌላውን ውድድሩ ሲያልቅ ቁጭ ብለን እናወራለን።"

ኦርቪን ከዚያ ቢሮ ሲወጣ የሚያደርገውን ቆርጦ ነበር። ራንስ ገትሪን ያሳልፈዋል። ራንስ የተጋጣሚው ቡድን ተጫዋች፣ ባለፈው ዓመት የኦርቪንን ከንፈር ለሁለት የሰነጠቀ፣ እንደ ጭነት መኪና የሚመጣ ሰው ነው። እንዲህ ያለ ሰው ከኋላው ቢደርስበት ብሌን ዓመቱን አልጋ ላይ ይጨርሳል። ከኦርቪን የሚጠበቀው አንድ እርምጃ ወደ ጎን ማለት ብቻ ነው፤ ሰው ሁሉ ጭቃው አንሸራተተው ይላል።

ቅዳሜ በረዶ የተቀላቀለበት ዝናብ ይጥል ነበር። ሁለቱ በመስመሩ ላይ ሲፋጠጡ ራንስ ከሄልሜቱ ውስጥ ሳቀ።

"እንዴት ከረምክ በሬው? ከንፈርህ ዳነ?"

ኦርቪን አጎንብሶ አንድ እጁን መሬት ላይ አሳረፈ። ኳሷ ስትነሳ ራንስ ተወረወረ። ኦርቪን ወደ ጎን ሊል አሰበ፤ እግሩ ግን ወደ ፊት ሄደ፣ ደረትና ደረት ተላተሙ። በሚቀጥለው አሳልፈዋለሁ አለ። በሚቀጥለውም ያው ሆነ። ሰውነቱ ለዓመታት የተገራበትን ነገር በአንድ ሳምንት ሐሳብ ሊተወው አልቻለም። ብሌን ከኋላው እየሳቀ ይወረውራል፣ ሕዝቡ ስሙን ይጠራል፣ ኦርቪን ደግሞ ይጠብቀዋል። በገዛ እግሩ ተናደደ፤ ንዴቱን የሚያወርድበት ሰው ግን ከራንስ በቀር ፊቱ አልነበረም።

በክርኑ ጉሮሮውን መታው። ሲወድቅ በጉልበቱ ጎድኑን ደቃው። ከክምሩ ሥር ጣቱን ይዞ ወደ ኋላ አጠፈው። ራንስ ደም ተፋ፤ ሳቁም ጠፋ።

"አንተ፣ ምን ነክቶሃል? እኔ ምን አደረግኩህ?"

ጨዋታው ሊያልቅ ሲል ብሌን ኳሷን ለቋት ፊሽካ ተነፋ። ራንስ ሩጫውን አቁሞ እጆቹን አውርዶ ቆመ። ኦርቪን ፊሽካውን ሰምቶታል። ሰምቶትም ከጎን መጣበት፣ ከመሬት አነሳው፣ መቶ ሠላሳ ኪሎውን ይዞ ትከሻው ላይ ወደቀበት። አጥንቱ ሲሰበር ድምፁ ከሥሩ መጣ። ዳኛው የጥፋት ምልክት የሆነውን ቢጫ ጨርቅ ወረወረ፣ የብራንት ክሪክ ሰው ደግሞ በደስታ ጮኸ። ራንስን በቃሬዛ ሲያወጡት ዓይኑን ከኦርቪን ላይ አላነሳም።

አሸነፉ። ብሌን ሄልሜቱን አውልቆ በጭቃው ላይ እየሮጠ መጣ።

"በሬው፣ ያ አውሬ አንድ ጊዜ እንኳ አልነካኝም። ውለታህን አልረሳም" ብሎ አቀፈው። እርጥብ ጣቶቹ የኦርቪን አንገት ላይ አረፉ።

ኦርቪን በግራ እጁ ማሊያውን ጨመደደና በቀኙ አገጩን መታው። መንጋጋው ከቦታው ወጣ። ድጋሚ ሲመታው ጥርሶቹ የኦርቪንን እጅ ሰንጥቀው ገቡ። ብሌን ሲወድቅ አብሮት ወደቀ፤ መምታቱንም አልተወም። የገዛ ጓደኞቹ ከላዩ ጎትተው በሾለ ጫማቸው ረገጡት። በነሐሴ ኦርቪን አፍንጫውን የሰበረበት አዲስ ገቢ ፊቱን ሁለቴ ረገጠው። ሕዝቡ በሙሉ ቆሞ ያያል፤ ድምፅ የሚባል አልነበረም።

ኮሌጁ አባረረው። ቡድኑ ያለ ወርዋሪ የቀሩትን ጨዋታዎች በሙሉ ተሸነፈ፤ አንድ ሰው የኦርቪንን ፒካፕ መስታወት በመዶሻ አወረደው። ማርኒ ልብሷን ልትወስድ ወላጆቻቸው ቤት ስትመጣ ኦርቪን አንድ ዓይኑ እንዳበጠ ጓሮ አገኛት።

"አመሰግናለሁ እንድልህ ነው የምትጠብቀው?" አለችው።

"አይደለም።"

"ማን ለመነህ? እኔ ቀስ ብዬ ልተወው ነበር። አሁን ክፍል ስገባ ሰው ሁሉ አንገቴን ነው የሚያየው። አንዷ ደግሞ ውድድሩን ያበላሸሽብን አንቺ ነሽ አለችኝ።"

ማርኒ ዱሉት ከተማ ሄዳ ነርስነት ተማረች፤ ለረጅም ጊዜ አላናገረችውም። ብሌን መንጋጋው በሽቦ ታስሮ ከረመና በሚቀጥለው ዓመት ወደ ሜዳ ሲገባ ሕዝቡ ቆሞ አጨበጨበለት።

ኦርቪን ስኳር ፋብሪካ ገባ። ሥራ ላይ ሆኖ ትዝ የሚለው የብሌን መንጋጋ ሳይሆን ከሥሩ የሰማው የአጥንት ድምፅ ነበር። በመጋቢት አንድ ቀን ፈረቃውን አስቀይሮ ራንስ ገትሪ ቤት ድረስ ነዳ። ራንስ ደጃፉ ላይ ተቀምጧል፤ ቀኝ ክንዱ ከደረቱ በላይ አይነሳም። ግቢው ውስጥ የተራገፈ እንጨት ተከምሯል።

"ፊሽካውን ሰምቼ ነበር" አለው ኦርቪን።

"አውቃለሁ።"

"በሌላ ሰው ተናድጄ ነው።"

"እሱንም ሰማሁ። እሱ የእጁን አገኘ። እኔስ?"

"አንተ ምንም አላደረግክም" አለ ኦርቪን።

ራንስ ግራ እጁን አንስቶ ወደ እንጨቱ አመለከተ። "አባቴ ጀርባው አይችልም፣ እኔም እንደምታየኝ ነኝ። ሼዱ ውስጥ ደርድረው።"

ኦርቪን ጃኬቱን አውልቆ ተሸከመ። ራንስ ከደጃፉ ሳይነሳ ያየው ነበር። ሲጨርስ ፀሐይዋ ጠልቃ ነበር፤ ራንስ በሩን ዘግቶ ገባ፣ ኦርቪንም መኪናውን አስነስቶ ወደ ፋብሪካው ተመለሰ።