ቡርሃንና የፖላንዱ ወንበዴ

የቪዲዮ ካሴት ወደ ኋላ ሲጠነጠን የሚያሰማው ያ ሲርታ፣ በዚያ ዘመን የመርካቶን የሰባተኛ ሰፈር ልጅ ከትምህርት ቤት ደወል ይልቅ ፈጥኖ ይሰበስበው ነበር። ዛሬ ካሴቱ የለም፤ ቪዲዮ ቤቱና ቡርሃን ግን አሉ። ቡርሃን ማይክሮፎን ይዞ ከስክሪኑ አጠገብ ይቀመጥና የውጭውን ፊልም በአማርኛ ያወራዋል። ቋንቋውን አያውቀውም፤ አልጎደለበትምም። ድምፁን ዘግቶ ደጋግሞ ያየውና ለእያንዳንዱ ሰው ከመርካቶ አንደበት ይፈልግለታል።

ሰሞኑን የያዘው የፖላንድ ወንበዴዎች ኮሜዲ ነው። የድሮው ሶሻሊስት መንግሥት ወድቆ፣ ትናንት ሰው ሲሰልል የኖረው ሹም ዛሬ ሰፊ ሱፍ ለብሶ የኮንትሮባንድ አለቃ ሆኗል። ቡርሃን ሰውዬውን ገና ሲያየው አወቀው፤ የጋሼ ፈርሀትንም አነጋገር ሰጠው።

ጋሼ ፈርሀት በደርግ ጊዜ የቀበሌ ሊቀመንበር ነበሩ። አሁን ቪዲዮ ቤቱን ጨምሮ የመደዳው ሱቆች አከራይ ናቸው። ያኔ ስኳር ሲከለክሉም፣ አሁን ኪራይ ሲጨምሩም ቃላቸው አንድ ነው፦ «ለእናንተው ጥቅም ነው!»

የመርካቶ ወሬ እግር አያጣምና ደረሳቸው። ቅዳሜ ከሰዓት መጡና በር ላይ ለቡርሃን ሚስት ለሐጀራ፣ «ባልሽ በኔ የሚቀልድ ከሆነ ዛሬውኑ ቤቴን ይለቃል!» ብለዋት ከፊት ተቀመጡ።

ሐጀራ ባሏ ጆሮ ላይ ተደፍታ፣ «በአላህ ይዤሃለሁ፣ ዛሬ እንኳ ሌላ አንደበት ስጠው» አለችው።

«አንደበቱ ከተቀየረ ሰውዬውም ይቀየራል» አለና ማይክሮፎኑን አነሣ።

ወንበዴው የጫኞቹን ድርሻ ወደ ኪሱ ሲከት፣ ቡርሃን ጉሮሮውን ጠርጎ፣ «ጓዶች፣ ለእናንተው ጥቅም ነው!» አለ። ቤቱ በሳቅ ሊፈርስ ደረሰ።

«ጋሼ፣ ፖላንድም ቤት ያከራያሉ እንዴ?» አለ አንድ ተሸካሚ ከኋላ።

ጋሼ ፈርሀት ብድግ አሉ። ሳቁ ቀጥ አለ።

«አልቻልክበትም! ሊቀመንበር እንደ ሎተሪ አዟሪ አይጮህም፤ ረጋ ብሎ ነው የሚናገረው። ወዲህ በለው!» ብለው ማይክሮፎኑን ነጠቁት። «ወንድሞቼ፣ እኔ ለራሴ ምን ፈልጌ አውቃለሁ?...»

ጭብጨባው ጣሪያውን ነቀነቀው። ጋሼ ፈርሀት ሞቅ አላቸው፤ ወንበዴው ሲቆጣ እየተቆጡ፣ ሲሸነግል እየሸነገሉ ፊልሙን ነዱት።

መጨረሻ ላይ ወንበዴው ድግስ ደግሶ እንግዳ ይጠብቃል። ማንም አልመጣም። ባዶ ወንበሮቹን እያየ ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል። ጋሼ ፈርሀት ግን ማይክሮፎኑን ከአፋቸው አወረዱት።

«ጋሼ፣ እየተናገረ እኮ ነው» አለ ቡርሃን ዝግ ብሎ።

«ምን ይላል?»

«እሱንማ እርስዎ ነዎት የሚያውቁት።»

ጋሼ ፈርሀት ስክሪኑን ትክ ብለው አዩት። ከዚያ ማይክሮፎኑን ቡርሃን ጉልበት ላይ ቀስ አድርገው አኖሩና፣ ስለ ቤቱ አንዲት ቃል ሳይተነፍሱ፣ ሐጀራንም ደህና ዋይ ሳይሉ፣ መጋረጃውን ገልጠው ወጡ።