ሲሬን ያላያት ገመቹ

ከሱቄ አጠገብ ያለው ጠጋኝ አሮጌ ቴሌቪዥን ከፍቶ ሲሞክር የጋለ አቧራ ሽታ እስከ ባንኮኒዬ ይመጣል። ያን ጊዜ የነቀምት፣ የጨለለቂ ሰፈሩ ገመቹ ትዝ ይለኛል።

ገመቹ የጎረቤት ልጅ ነው፤ በዕድሜ ትንሽ ይበልጠኛል። ዘመኑ የጃንሆይ ነው። ሲመሻሽ የሰፈር ልጆች የወደቀ ግንድ ላይ ተሰብስበን ሂቦ እንጫወታለን፤ እንቆቅልሽ መሆኑ ነው። መልሱ የጠፋበት አገር ይሰጣል፤ ጠያቂው አገሩን ተረክቦ፣ እዚያ ደርሶ ተመልሶ፣ መልሱን ይናገራል። ሌላው ልጅ “ሲሬ ገባሁ፣ በላሁ፣ ጠጣሁ” ብሎ ይገላገላል። ገመቹ ግን ሲሬን ከሰጡት በቀላሉ አይመለስም። አውቶቡሱ ይበላሻል፤ ፍየል የሹፌሩን ቆብ ትበላለች፤ ሹፌሩ ያለ ቆብ አልነዳም ብሎ ያኮርፋል፤ የሲሬ ሽማግሌዎች እሱንና ፍየሏን ሊያስታርቁ ዛፍ ሥር ይቀመጣሉ።

እኔ ደግሞ መልስ አዋቂ ነበርኩ። “ማታ የምትዘረጋ፣ ቀን የምትጠቀለል...” ሲል ሳያስጨርሰው “ቁርበት!” እላለሁ። መልሱ ከታወቀ እንግዲህ አገር የለ፣ ጉዞ የለ። ልጆቹ በአንድ አፍ “ጨል ጄዲ!” ይሉኛል፣ ዝም በል። እያወቁ ይሸነፉለት ነበር። ከሁሉም ያቃጠለችኝ የገዛ እህቴ ጫልቱ ናት፤ እኔን ትታ ከእሱ እግር ሥር ትቀመጣለች።

አንድ ቀን አላስቻለኝም። “ሲሬ እንዲህ አይደለችም! እኔ ከአባቴ ጋር ሄጄ አይቻታለሁ፤ እሱ ከነቀምት ወጥቶ አያውቅም” አልኩ።

“አንተስ አይተህ ምን አመጣህልን?” አለችኝ ጫልቱ።

“ጨው።”

እስኪበቃቸው ሳቁብኝ። እውነቴን ነበር።

አደግን። እኔ ቡና ንግድ ገባሁ፣ እሱ አዲስ አበባ ገባ። ለቴሌቪዥን የልጆች ዝግጅት ድርሰት ይጽፋል ሲሉኝ “ለልጅ ማውራትም ደመወዝ አለው እንዴ?” ብዬ አፌዝኩ። ያን ቀን ግን ሚዛን እየተሳሳትኩ ዋልኩ።

በኋላ መርካቶ ቡናዬን አራግፌ አንድ መጠጥ ቤት ገባሁ። ቴሌቪዥኑ ግሎ አቧራው ይሸታል። መስታወቱ ውስጥ ልጆች ግንድ ላይ ተደርድረዋል፤ አንዱ ጥያቄ ሳያልቅ ይመልሳል፣ ሌሎቹ አፉን ያፍኑታል። ገመቹ የልጁን ስም ከኔ ቀይሮታል፤ ጠባዬን ግን አልነካውም። ቤቱ በሳቅ ሲናጋ “እኔ ነኝ!” ልል አፌ ላይ ደርሶ መለስኩት። ደግሞ ማን ይህን በኩራት ይናገራል?

ነቀምት ያን ጊዜ ቴሌቪዥን አልደረሳትም። ስመለስ የጫልቱ ልጆች ከበቡኝ። “ኤሱማ፣ የገመቹን አየህ? ንገረን!” ኤሱማ የእናት ወንድም ነው፤ እንቢ አይባልም። በሁለት አረፍተ ነገር ጨረስኩላቸው። ፊታቸው ሲጨልም ጊዜ ደነገጥኩና አንድ አህያ ጨመርኩ። አህያዋ ዳኛ ፊት ቀረበች። ዳኛው አስተርጓሚ ጠራላት።

ጫልቱ ከጓዳ ወጥታ በሩን ተደገፈች። “ይኼ እንኳ የገመቹ አይደለም” አለች።

ወሬውን ትቼ ልነሳ ብድግ አልኩ።

“ቢሆንም ቀጥል፤ አስተርጓሚው ምን አለ?”

ገመቹ ካረፈ ቆይቷል። የጫልቱ ልጆች ዛሬ ለልጆቻቸው የአህያዋን ክስ ሲያወሩ እሰማለሁ፤ ሲጨርሱም “የገመቹ ናት” ይላሉ። አህያዋ የኔ ናት ብል ማን ያምነኛል?