የቴሌፎነኛዋ ግራ ጆሮ

የደቡብ አፍሪካዋ ኪምበርሊ ጡረተኞች በሐምሌ ብርድ ግብራቸውን ሊያሳውቁ ቤተ መጻሕፍቱን ሞልተውታል። ፎርም የምታስሞላቸው ኦናሌና፣ በስልካቸው የሚገባውን የሚስጥር ኮድ ለማንም፣ ለእሷም ጭምር እንዳይናገሩ ጠዋት ለምናቸው ነበር። ማን ሰምቷት! ከጎኗ ባለው ኮምፒውተር የተቀመጡት ባለ ከዘራ ሽማግሌ፣ "ኮዴ መጣ! ሰባት፣ ዜሮ፣ አራት፣ ዘጠኝ!" ብለው አዳራሹን አናወጡት።

እሷ ፊት ያሉት አረንጓዴ ካፖርት የለበሱ አሮጊት ናቸው። ሰው ሲያናግራቸው ዓይናቸውን ጨፈን አድርገው ግራ ጆሯቸውን ይሰጣሉ። የጡረታ ወረቀታቸው "ቴሌፎነኛ፣ ሠላሳ አንድ ዓመት" ይላል፤ የከተማውን የስልክ ጥሪ በእጃቸው ሲያገናኙ የኖሩ ናቸው። የእሳቸው ኮድ ሲገባ ስልኩን በባርኔጣቸው ከለሉት።

"ዞር በይ፣ ልጄ።"

"እማማ፣ እኔንም አያምኑኝም?"

"አምንሻለሁ። ዞር በይ።"

ዞረችላቸው። በአንድ ጣታቸው ቀስ እያሉ አስገቡና በረጅሙ ተነፈሱ።

ይህን ጊዜ ሽማግሌው መልእክቱን በስህተት አጥፍተውት ኖሮ፣ "ስንት ነበር ያልኩት?" ብለው ጮኹ። ሰልፉ በሙሉ በአንድ ድምፅ ቁጥሩን ነገራቸው። አሮጊቷ ብቻ ጓንታቸውን ያጠልቁ ነበር።

"እርስዎ አልሰሙም እንዴ?" አለች ኦናሌና እየሳቀች።

"እኔ የሰው ነገር ሰምቼ አላውቅም።"

ሲወጡ ግን ሽማግሌው ዘንድ ቆም ብለው ወደ ጆሯቸው ጎንበስ አሉ።

"ያኔም በስልክ ስታወራ ትጮህ ነበር።"

ሽማግሌው ድምፁን ሲለዩት ከዘራቸው ከእጃቸው አመለጠ። ፎርሙ እስኪያልቅ ድረስ ኦናሌናን ያናገሯት በሹክሹክታ ነበር።