ሽፋን የሌለው መጽሐፍ እና የቅርጫ ዕጣ

እኔ ትምህርት ቤት የገባሁት እስከ ስድስተኛ ክፍል ብቻ ነው። ግን በሰሚት አካባቢ ከእኔ የበለጠ ያነበበ ካለ ይምጣና እንጠያየቅ። እንግሊዝኛ ያስተማረኝ መዝገበ ቃላት ነው። ዲግሪ የያዙ ልጆች ማመልከቻ ሲቸግራቸው ዛሬም የሚያንኳኩት የእኔን በር ነው።

ባለፈው ሳምንት የእህቴ የልጅ ልጅ ሲፈን ከዩኒቨርሲቲ አንድ መጽሐፍ ይዛ መጣች። አንድ ፈላስፋ ስለ ሥነ ምግባር፣ ስለ ኢኮኖሚና ስለ መንግሥት ፖሊሲ የጻፈው ነው። «አባባ፣ ይሄ ለእኛም ይከብደናል» አለችኝ። ገለጥ ሳደርገው አወቅሁት። ይህንኑ መጽሐፍ ሽፋኑ ተገንጥሎ ጉርድ ሾላ ከአሮጌ መጽሐፍ ሻጭ ገዝቼ ሦስት ጊዜ ስጨርሰው እሷ አልተወለደችም። የጸሐፊውን ስም ገና አሁን ማወቄ ነው።

ያኔ ከተማው ወደ ማሳችን እየገፋ ነበር። ኅዳር ላይ የመጨረሻውን ጤፍ ስናጭድ ገልባጭ መኪኖች አቧራ ያለብሱን ነበር። ለተነሺዎች ምትክ ቦታ ተፈቀደ፤ የሚሸነሽን ኮሚቴም ከመካከላችን ተመረጠ። ሊቀመንበሩ ጋሽ ደሜ፣ ጸሐፊው እኔ።

ጋሽ ደሜ መንገድ ዳር ያለውን ለኮሚቴው አባላት አስያዙ። እግራቸውን የሚያማቸው ጎረቤታችን አዴ ሎሚ፣ ባል የሌላቸው ሴት፣ ከወንዙ ገደል አፋፍ ተጻፈላቸው። የእኔም ስም መንገድ ዳር ነበር። ሱቅ ከፍቼ እንዳገባት የምትጠብቀኝ ልጅ ነበረች።

በማግስቱ ሕዝቡ ከመንደሩ ሾላ ዛፍ ሥር ተቀምጦ እሸት ሽምብራ እየፈለፈለ ቃለ ጉባኤው እንዲነበብለት ይጠብቃል። ላነብ ተነሣሁ። ቃለ ጉባኤውን ትቼ መጽሐፉ ስለ ፍትሕ የሚለውን ማስረዳት ጀመርኩ። አንዱ ከኋላ፣ «ለሚ፣ መጽሐፍህ ጤፍ ያበቅላል?» ብሎ ሰውን አሳቀብኝ።

ያን ጊዜ ነው በምን እንደማስረዳቸው የገባኝ። «ቅርጫ ስንገባ ሥጋውን የሚመድበው ሰው ቀድሞ ይመርጣል?» አልኩ።

የመለሱልኝ አዴ ሎሚ ናቸው። «ዕጣ ነው እንጂ። የቱ እንደሚደርሰው ካወቀማ ሽንጡን ወደ ራሱ ያስጠጋል።»

ጋሽ ደሜ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው፣ «የአንተም ቦታ ይሄዳል፤ አስበህበታል?» አሉኝ። ያቺ ልጅ ፊቴ ላይ ድቅን አለች።

«ይሂድ» አልኩና ወረቀቱን ቀደድኩት።

ሕዝቡ በዕጣ ካልሆነ አይሆንም ብሎ ቆመ። ይኼኔ፣ «እንግዲያው በገደሉ በኩል ያለው ቦታ ይስፋ፤ ለማን እንደሚደርስ አይታወቅም» ብለው መጀመሪያ የተነሡት ራሳቸው ጋሽ ደሜ ነበሩ። ፈላስፋው በስንት ገጽ የደከመበትን፣ ድርሻውን አስቀድሞ የማያውቅ ለሁሉም ያስባል የሚለውን፣ እሳቸው በአንድ ትንፋሽ ተናገሩት። ሽንሸናው እንደገና ተለካ። እንደ ቅርጫው ሁሉም የራሱን ምልክት ሰጠ፦ አዴ ሎሚ ቀለበታቸውን፣ ጋሽ ደሜ ቁልፋቸውን፣ እኔ የእስክሪብቶዬን ክዳን። ማንንም የማያውቅ የገልባጭ መኪና ሾፌር ጠራን፤ ምልክቶቹን በየችካሉ ሥር አስቀመጠልን። የክዳኔ ዕጣ ገደሉ አፋፍ ላይ ወደቀ።

ለሲፈን ይህን ነገርኳት። መጽሐፍ የሚገባው ሲያነቡት ሳይሆን የራስን ድርሻ እንዲለቁ ሲጠይቅ ይመስለኛል።

እና ምን ሠራሁ? ከባዱን መጽሐፍ ያለ አስተማሪ ሦስት ጊዜ ጨርሻለሁ። አዴ ሎሚ እስኪሞቱ ድረስ ከደጃቸው ታክሲ ሲሳፈሩ አይቻለሁ። ያቺን ልጅ ያለ ሱቅ አግብቻለሁ። ገደሉን በድንጋይ ክቤ ቤት ሠርቼበታለሁ፤ ግንቡን የካብነው ቁልፋቸው ከክዳኔ አጠገብ ከወደቀው ከጋሽ ደሜ ጋር ነው። በየበዓሉ ቅርጫ ስንገባም ሥጋውን እንዲመድቡ የማደርገው እሳቸውን ነው።