የካውያ ስኳር ድንች

እኛ ግቢ ውስጥ ስኳር ድንችን እንደገና በስኳር የምትሰራ ሴት ካውያ ብቻ ነች። «ስሙ ላይ ስኳር አለ፣ አንቺ ደግሞ ሌላ ትደርቢበታለሽ፤ ምን በድሎሽ ነው?» እላታለሁ። አትስቅም፣ አትቆጣምም። ወሬው ለኔ፣ ዝምታው ለሷ ደርሶን በአንድ ግድግዳ ተለያይተን አስራ ሰባት አመት ኖርን።

ካውያ ያልናት ላውንደሪ ውስጥ ሰላሳ አመት ልብስ ስትተኩስ ስለኖረች ነው። ያ ሁሉ እንፋሎት ግን ጣቶቿን ይዞባት ሄደ። መርፌ ይውጋት፣ ዝንብ ይረፍባት፣ አታውቅም። ሐኪሙ «ነርቭ ነው» ሲላት «እሺ» ብላው ወጣች። እኔ ብሆን ነርቬን እሱ ላይ ነበር የምጨርሰው።

የስኳሩን ውሃ ድሮ በሁለት ጣቷ ነክታ ክር ሲስብ ነበር የምታወጣው። ጣቷ እምቢ ሲላት በጆሮዋ ሆነ። መጥበሻው ላይ ጎንበስ ትልና «አረፋው ገና ይቸኩላል» ትላለች። ቆይታ ደግሞ «አሁን ሰነፈ» ብላ ታወጣዋለች። ስታ አታውቅም።

ባለፈው ወር መብራት ኃይል የሚሰራው ልጇ ሊጠይቃት መጥቶ መዳፏ ላይ እንቁላል የሚያክል ውሃ የቋጠረ ነገር አየ። ከማንቆርቆሪያው ነው፤ መቼ እንደሆነ እንኳ አታውቅም።

«እማዬ፣ አንድ ቀን ቤቱን ከነራስሽ ታቃጥይዋለሽ። እኔ ጋ ትገቢያለሽ።»

«አልገባም።»

«እንግዲያው እሑድ መጥቼ ፊቴ ታበስያለሽ። ካልተቃጠልሽ ሁለተኛ አላነሳውም። ከተቃጠልሽ እቃሽን እጭናለሁ።»

ቅዳሜ ካውያ ደጄ ላይ መጥታ ቆመች። ሰው ቤት የማትሄድ ሴትዮ!

«ልጄ ቤት ምራቴ ምንም አታስነካኝም። አጥፋ መደርደሪያ ላይ ነው የምታስቀምጠኝ» አለች። ድምጿ ከፍም ዝቅም አላለ፤ የአውቶቡስ ሰዓት የምትነግረኝ ነው የሚመስለው። «ነገ አጠገቤ ቁጭ በይ። ባዶ እጄን ወደ ትኩስ ነገር ስሰድ ጉሮሮሽን ጠረግ አድርጊ፤ ጨርቅ አነሳለሁ።»

«ውይ እትዬ፣ ይሄማ ምን አላት! እንኳን ጉሮሮዬን…»

«ሌላ አታውሪ።»

እሑድ ልጇ በርጩማ ስቦ ስቶቩ ፊት ለፊት ተቀመጠ፣ ፈታኝ መስሎ። ስኳር ድንቹ በግማሽ ተቀቅሎ ወጣ። ልትልጠው እጇን ስትሰድ እህ አልኩ፤ እስኪበርድ ተወችው። ላጠችው፣ እንደ ካፖርት ቁልፍ እኩል እኩል አድርጋ ቆረጠችው። መጥበሻው ላይ ደረደረችና ስኳርና ውሃ፣ ሎሚ፣ አንድ ማንኪያ ቅቤ ጨመረች። አታማስልም፤ ካማሰሉት ይፈርሳል። የስኳሩን ውሃ ከጎን በማንኪያ እየቀዳች ከላይ ታፈስበታለች፣ እያንዳንዱን አንዴ ብቻ ትገለብጠዋለች። ማንኪያው ጋለ፤ እህ አልኩ። ጨርቅ አነሳች። ልጁ ዞር ብሎ አየኝ።

«ጉንፋን ነው» አልኩት።

ቀስ በቀስ ትከሻው ወረደ። «ደህና ነሽ ማለት ነው፣ እማዬ» አለ። ከዚያ ወደኔ ዞሮ፣ «አንቺ፣ ሚስቴን ታስመስያታለሽ አሉ። እስቲ አድርጊያት!»

እንዲህ ተብዬ እምቢ ብዬ አላውቅም። ተነሳሁ። በአንድ እጄ አፍንጫዬን፣ በአንዱ ወገቤን ያዝኩ። «እማማ፣ እሱን አይንኩት! እማማ፣ ይሄንንም አይንኩት! ይቀመጡ እማማ! ኧረ እንደሱ አይደለም የሚቀመጡት!»

ልጁ ጉልበቱን እየመታ ሳቀ፣ እንባው መጣ። «ራሷ ነች! በናትሽ ድገሚው!»

ደገምኩት።

አረፋው ሰንፎ ነበር። ካውያ መጥበሻውን ግራና ቀኝ በባዶ እጇ ይዛ አነሳችው። ከስቶቩ እስከ ጠረጴዛው አራት እርምጃ ነው። በቀስታ ሄደች፣ ጠብታ አላፈሰሰችም። እኔ አፍንጫዬን እንደያዝኩ «ይቀመ…» ላይ ቀረሁ። ሽታ መጣ፤ የስኳር አልነበረም።

አስቀመጠችውና ቀና ብላ ፊታችንን አየች። ከዚያ እጇን አየች።

«ጉሮሮሽ ምን ሆነ?» አለችኝ።

ልጇ እጇን ቧንቧ ስር ይዞ ብዙ ቆየ። እሷ የሌላ ሰው እጅ የሚታጠብ ይመስል ውሃውን ታያለች። አንዴ ብቻ ቀና ብሎ አየኝ፤ የጉንፋኑ ነገር ገባው። ከዚያ ተቀምጦ ሦስት ቁራጭ በላ።

«ጣፍጧል» አለ፣ አንገቱን እንደደፋ።

«መቼ ነው?» አለችው።

«ሐሙስ።»

«ሐሙስ» አለች።

ሐሙስ በፋሻ በተጠቀለለ እጅ ልብሷን ራሷ አጠፈች፤ አንድ መስመር አልተጣመመም። መጥበሻውን ደጄ ላይ አስቀምጣልኝ መኪናው ውስጥ ገባች። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ከዚያ ወዲህ ማንንም አላስመሰልኩም። ሰው «ታመምሽ እንዴ?» ይለኛል። እንጃ፣ ምንም አላመመኝም። ትናንት ስኳር ድንች ገዛሁ፣ መጥበሻውን ጣድኩና ደወልኩ። ምራቷ አነሳች። «እማማ ተቀምጠዋል፣ ልስጥዎት» አለች። ደህና ድምፅ ነው ያላት ለካ፤ አፍንጫ የሚባል ነገር የለበትም።

«ምን እየሰራሽ ነው?» አለች ካውያ።

«ስኳር ድንች።»

«አማሰልሽው?»

«አላማሰልኩም፣ እትዬ።»

«ስልኩን ጠጋ አድርጊው።»

መጥበሻው ላይ ያዝኩት። እሷም ዝም፣ እኔም ዝም። እንፋሎቱ እጄን ፈጀኝ፤ አላነሳሁትም።

«ገና ነው» አለች።