የእህቴ ድምፅ በዛልማር ወደብ

ከቡሬ በምወጣበት ቀን ዋዜማ እናቴ ከመግሪብ ሶላት እንደተነሡ የቅቤውን ጣሳ ከበሶው ጋር በጨርቅ ጠቅልለው ሻንጣዬ ውስጥ ሸጎጡት። «ይኸ የዘሃራ ነው። በሶውን ግን አንቺም ብዪ፣ ሰአዳ» አሉኝ። ስለ በረሃው አልጠየቁኝም፤ ስለ ባሕሩም አልጠየቁኝም። «ስታገኚያት ደውዪና ድምጿን አሰሚኝ። ሌላ የምሻው የለኝም» ብቻ አሉ። ሊነጋጋ ሲል መኪና ተሳፈርኩ።

ዘሃራ ታላቅ እህቴ ናት። ለመውሊድ መንዙማ ስታወጣ ጎረቤታችን መሪጌታ ሳይቀሩ አጥሩን ተደግፈው ያዳምጧት ነበር፤ «ይህች ልጅ ሰማይ ቤት ዘመድ አላት» እያሉ። ዛልማር የምትባል፣ ከባሕር ማዶ ያለች፣ ብቻዋን አገር የሆነች የብርጭቆ ሠሪዎች ከተማ ሄደች። መጀመሪያ ሰሞን ትደውል ነበር። ኋላ መደወሉ ቀረና መልእክት ብቻ ሆነ፦ «ደህና ነኝ፣ ሥራ በዝቶብኝ ነው።» እናቴ ፊደል አይለዩም። ሳነብላቸው «እሷ መጻፏን በምን ልወቅ? ጽሑፍ ድምፅ የለው» ይሉኛል። ልፈልጋት የወጣሁት ለዚህ ነው።

መንገዱን አላስረዝመውም። በረሃውን ያለፈ ያውቀዋል፤ ያላለፈን አላህ አያሳየው። ከመርከቡ ላይ ሆኜ ከተማዋን ሳያት ፍኖተ ሰላም ትዝ አለችኝ፤ ከጅጋ በኩል ስትመጡ፣ ዝናብ አባርቶ ፀሐይ ስትወጣ፣ ቆርቆሮው ሁሉ እንዴት እንደሚያብለጨልጭ ታውቁ የለ? ዛልማር እንደዚያ ናት፤ ግንቧም ድልድይዋም መስታወት ነው።

ብርጭቋቸው ግን በአሸዋና በእሳት ብቻ አይሠራም። ሰው ከራሱ የሆነውን አንድ ነገር በትንፋሹ ይጨምርበታል። ሳቅ የገባበት መስኮት ቤት ያሞቃል፤ እንቅልፍ የገባበት መብራት ሕፃን ያስተኛል። የሰጠው ሰው ከዚያ ወዲያ ያ ነገር የለውም። አገሬው መስጠት ከተወ ቆይቷል። አሁን የሚሰጠው ስደተኛው ነው።

የወደቡ ሹም በአስተርጓሚ ጠየቀኝ። «ምን ይዘሽ መጣሽ?»

«በሶና ቅቤ፣ ጌታዬ።»

«እሱን አይደለም። ለእቶኑ! ሳቅ አለሽ?»

«በረሃው ላይ አለቀ።»

«እንቅልፍስ?»

«እሱም እዚያው ቀረ።»

«እናንተ ሰዎች ሁልጊዜ ባዷችሁን ነው የምትመጡት» ብሎ ተቆጣና ፊቴን መረመረ። «ማሽተትሽስ ይሠራል?»

እሱን ሰጠሁ። ረዥም የብረት ቱቦ አፌ ላይ ደቀኑብኝና ተነፈስኩ። ጫፉ ላይ ያለው የቀለጠ ብርጭቆ እንደ ሎሚ ሲያብጥ የእሳቱም የባሕሩም የራሴም ላብ ሽታ ጠፋ። ካልማ የሚሉትን የመኖሪያ ፈቃድ እጄ ላይ አደረጉልኝ።

ቤት ያከራየችኝ አሮጊት ደግሞ በሩ ላይ አቆመችኝ። «ለሐበሻ ማከራየት ትቼ ነበር። በእናንተ ክረምት መስኮቶቼ ያለቅሳሉ።»

«እንዴት እማማ?»

«የዛልማር መስኮት የተከራዩን ናፍቆት ያወጣል። ከአንቺ በፊት የነበረው ሐምሌ በገባ ቁጥር ግድግዳዬን አራሰው። ናፍቆትሽን ውጪ ጨርሰሽ ግቢ።»

እሺ አልኩ። ምን ልበል? ዝናብ በማያውቅ አገር፣ ዳቦው እንደ ገለባ በሆነበት፣ ሰው ከሰው ጋር ተጋጭቶ እንኳ ሰላም በማይባባልበት፣ ናፍቆት ውጪ የሚጨርስ ማን ነው? ቡሬ መነኻሪያ ላይ እኮ ሰው ሰላም ለማለት ባጃጅ ያስቆማል።

ስጠያይቅ ሰንብቼ ዘሃራን ከወደቡ ማማ ሥር፣ ብርጭቆ የሚታጠብበት ቤት አገኘኋት። ስታየኝ የያዘችውን ጥላ ሮጠች። አንገቴን አንቃ ስታለቅስ ድምፅ የላትም። «እታለም፣ ምነው? ተናገሪ እንጂ!» አልኳት። አፏን ከፈተች፤ አየር ብቻ ወጣ። ከዚያ ጣቷን ወደ ማማው ቀሰረች።

የገባኝ ጉም ሲወርድ ነው። መርከቦች ከዓለቱ ጋር እንዳይጋጩ ማማው ላይ ያለው ትልቅ የመስታወት ፋኖስ ያዜማል። ያዜመው በዘሃራ ድምፅ ነበር። ቃል የለውም፣ ዜማው ብቻ። እህቴ አፏን ዘግታ ደረቴ ላይ ሳለች ድምጿ ከላይ ወረደብኝ።

በማግሥቱ ሹሙ ዘንድ ሄድኩ። «ድምጿን መልሱላት» አልኩት።

«ስንት መርከብ በዚያ ድምፅ እንደሚድን ታውቂያለሽ?»

«የድምፁ ባለቤትስ?»

«ባለቤቷ ፈቃድ ተቀብላበታለች።» ከዚያ ጎንበስ ብሎ በለሰለሰ ድምፅ «ከአገርሽ እንደሷ የምታዜም ሌላ ልጅ ካስመጣሽ እንለውጥልሻለን» አለኝ።

የማንም ስም አልመጣብኝም ብል ውሸት ነው። የሰፈራችንን ልጆች በየቤታቸው አሰብኳቸው፣ ድምፃቸውን ሁሉ። ከዚያ ብድግ ብዬ ወጣሁ።

ያን ቀን ዘሃራ የቅቤውን ጣሳ ከፍታ አፍንጫዋን ነከረችበትና ተንሰቀሰቀች። እኔም አሸተትኩት፤ ድንጋይ እንደማሽተት ነበር። በሶውን በጥብጠን ጠጣን።

ለእናቴ «ገና አላገኘኋትም» እያልኩ ሰነበትኩ። ለመደወል የቆረጠችው ዘሃራ ናት። ጉም የወረደ ጠዋት እጄን ይዛ ማማው ሥር ወሰደችኝና ስልኬን ከኪሴ አወጣችው። ደወልኩ።

«እምየ፣ ዘሃራ አጠገቤ ናት።»

«ስጪያት!»

ስልኩን ወደ ላይ አነሣሁት። ፋኖሱ ያዜም ነበር።

«ሱብሃነላህ፣ እሷ ናት! የእኔ ልጅ ናት!» አሉና ማልቀስ ጀመሩ። «ዘሃራየ፣ ትበያለሽ? ጤናሽስ?»

ፋኖሱ አዜመ።

«ምነው ዜማ ብቻ? ሰአዳ፣ ለምን እምየ አትለኝም? በምን አስቀየምኳት?»

«እምየ፣ አላስቀየሟትም…» አልኩ። ጉሙ መግፈፍ ጀምሮ ነበርና ፋኖሱ ዝም አለ። ዘሃራ ስልኩን ከእጄ ወሰደችው። ከንፈሯ ላይ አጣብቃ «እምየ» አለች፤ ሲንቀሳቀስ አየሁት። ደግማ አለች።

«ሃሎ? ሰአዳ?» ይላሉ እናቴ። «መስመሩ ተቋረጠ እንዴ?»